ቃል አልባውን ተውኔት ወደ አጭር ፊልም ማውረስ፦ ቤኬትን ማጂ ላይ ብንቀርጸውስ?

መግቢያ

በትምህርት ክፍላችን የአጭር ፊልም ፕሮጀክት በታዘዘ ቁጥር ከተማሪው አፍ የማይጠፋ አንድ አባባል አለ፤ “እኛ የምንሠራው ሚኒማል ነው” ይባላል። ብዙ ጊዜ ግን እንዲህ የሚባለው መብራት ስለሌለ፣ ተዋናይ ስለቀረ ወይም ካሜራው አንድ ብቻ ስለሆነ ነው። ማጣትና መቀነስ ግን አንድ አይደሉም። ያጣ ሰው የጎደለውን ቦታ እንዳይታይበት ይሸፍነዋል። የቀነሰ ሰው ደግሞ ምን እንዳወጣና ለምን እንዳወጣ ይናገራል፤ ያወጣው ነገር ቦታም በሥራው ውስጥ አንድ ነገር ይሠራል።

ይህን ልዩነት ለመማር አብሰርድ ተውኔት ጥሩ መምህር ነው ብዬ አምናለሁ። ምክንያቱም ተውኔቱ ራሱ ገና ከጽሑፉ ብዙ ነገር ተቀንሶለት ይመጣል። በዚህ ጽሑፍ በቅድሚያ አብሰርድ ተውኔት ምን እንደሆነ ባጭሩ አነሳለሁ። ቀጥሎ ወደ ፊልም ሲዞር ምን እንደሚጠፋና ምን እንደሚገኝ በተሠሩ ፊልሞች አሳያለሁ። በመጨረሻም የሳሙኤል ቤኬትን አንድ ቃል አልባ ተውኔት በትውልድ አካባቢዬ በማጂ ብንቀርጸው ምን ምን ጥያቄ እንደሚገጥመን እመረምራለሁ። መልሱ ሁሉ እዚህ አለ ማለቴ አይደለም፤ ጥያቄው ግን በደንብ መቀመጥ አለበት።

1. አብሰርድ ስንል ምን ማለታችን ነው?

“አብሰርድ ቲያትር” የሚለውን ስያሜ ያስፋፋው ሃያሲው ማርቲን ኤስሊን ነው፤ በዚሁ ርዕስ መጽሐፉን ያሳተመው እ.ኤ.አ. በ1961 ነበር። አንዳንዶቻችን በአማርኛ ወለፈንድ ተውኔት እንለዋለን። ኤስሊን ካነሳቸው ጸሐፍተ ተውኔት መካከል ቤኬት፣ ዩጂን አዮኔስኮ፣ አርተር አዳሞቭና ዣን ዠኔ ይገኙበታል። ሰዎቹ ተሰባስበው ማኅበር ያቋቋሙ አይደሉም፤ ስሙን የሰጣቸው ሃያሲው ነው።

እዚህ ላይ አንድ የተለመደ ስሕተት አለ። አብሰርድ ማለት “የፈለጉትን መሥራት፣ ትርጉም ባይኖረውም ችግር የለም” ማለት ይመስለናል። ነገሩ ግን ተቃራኒው ነው። የአዮኔስኮን “ወንበሮች” (እ.ኤ.አ. 1952) እንውሰድ። አንድ ሽማግሌና ሚስቱ ለማይታዩ እንግዶች ወንበር እያመጡ ይደረድራሉ። እንግዶቹ በበዙ ቁጥር ወንበሩ ይበዛል፤ ወንበሩ በበዛ ቁጥር ባልና ሚስቱ መተላለፊያ ያጣሉ። በመጨረሻ መልእክቱን ለዓለም ሊያሰማ የተጠበቀው ተናጋሪ ሲመጣ መናገር የማይችል ሆኖ ይገኛል። ይህ እንደ ሒሳብ የተሰላ ነው። አንዲት ወንበር ብትጎድል ስሌቱ ይበላሻል።

እ.ኤ.አ. በጥር 1953 በፓሪስ ባቢሎን ቲያትር በሮዤ ብሌን አዘጋጅነት ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው “ጎዶን በመጠበቅ” የተባለው የቤኬት ተውኔትም እንዲሁ ነው። ሁለት ሰዎች ከአንድ ዛፍ አጠገብ ሆነው አንድ ሰው ይጠብቃሉ፤ ሰውየው አይመጣም። በሁለተኛው ገቢር ነገሩ ይደገማል። ሲደገም ግን ልክ እንደ መጀመሪያው አይደለም፤ ባዶ የነበረው ዛፍ ጥቂት ቅጠል አውጥቷል። ተመልካቹ ያቺን ትንሽ ለውጥ የሚያያት ሌላው ሁሉ ስለተቀነሰ ነው።

2. የለመድነው ውርስ ትርጉም ለምን አልያዝለት ይላል?

የውጭ ተውኔትን ወደ እኛ ማምጣት ለኢትዮጵያ ቲያትር አዲስ ነገር አይደለም። መንግሥቱ ለማ “ባለ ካባ እና ባለ ዳባ”ን የሠሩት ከእንግሊዛዊው ጄ. ቢ. ፕሪስትሊ ተውኔት ወስደው ነው። አንድ መርማሪ ወደ ሀብታም ቤት ገብቶ የቤተሰቡን አባላት ስለ አንዲት ሴት ሞት ተራ በተራ ይጠይቃል። እንዲህ ዓይነቱ ተውኔት ለውርስ ትርጉም መያዣ አለው። ቤተሰቡ፣ ሹመቱ፣ ሀብቱ፣ ስሙ፣ አነጋገሩ ሁሉ አገርኛ ሊሆን ይችላል፤ አጥንቱ ግን አይነካም።

አብሰርድ ተውኔት ይህ መያዣ የለውም። ሰውየው ስም የለው፣ ሥራ የለው፣ ቤተሰብ የለው፣ አገር የለው! ታዲያ ምኑን እናገራዋለን? “አበበ” ብንለው ስም ቀየርን ማለት ሳይሆን ያልነበረ ስም ጨመርን ማለት ነው። ጋቢ ብናለብሰው ዕድሜና አካባቢ ሰጠነው። በሌላ ተውኔት መለወጥ የሚባለው ነገር እዚህ መጨመር ይሆናል። ስለዚህ አብሰርድን ስናወርስ “ምን አገርኛ ላድርግ?” ከማለታችን በፊት “ይህን ብጨምር የትኛው ዝምታ ይደፈናል?” ብለን መጠየቅ አለብን። የዚህ ጽሑፍ ዋና ነጥብ ይኸው ነው።

3. ካሜራው ሲመጣ ምን ይጠፋል?

መድረክ ላይ ተመልካቹና ተዋናዩ አንድ ሰዓት ይጋራሉ። ሁለቱ ሰዎች ጎዶን ሲጠብቁ እኛም ወንበራችን ላይ ሆነን እንጠብቃለን፤ መሰልቸቱ የእኛም ነው። ፊልም ግን ጊዜን ይቆርጣል። አንድ ቆረጣ “ሦስት ሰዓት አለፈ” ሊል ይችላል። በ10 ደቂቃ ፊልም ሁለት ሰዓት ማስጠበቅ አይቻልምና መጠበቁን በሌላ መንገድ መሥራት ግድ ይላል።

ሁለተኛው የሚጠፋው የሰውና የቦታ መጠን ነው። እ.ኤ.አ. በ1961 ቢቢሲ “ጎዶን በመጠበቅ”ን በቴሌቪዥን ሲያሳይ ቤኬት አልተደሰተም። ተውኔቱ የተጻፈው በሰፊ ቦታ ለተዘጉ ትንንሽ ሰዎች ነው፤ በዚህች ሣጥን ውስጥ ግን ሰዎቹ ከቦታው በለጡ የሚል ሐሳብ እንደሰጠ ይነገራል። ለእኛ ይህ ትልቅ ትምህርት ነው። ብዙዎቻችን ካሜራ ስንይዝ ቶሎ ወደ ፊት እንጠጋለን፤ ስሜት ያለው ፊት ላይ ይመስለናል። የአብሰርድ ሰው ስሜት ግን ብዙውን ጊዜ ያለው በዙሪያው ባለው ባዶ ቦታ ስፋት ላይ ነው።

ሦስተኛው የሚጠፋው ከላይ ያለው እጅ ነው። መድረክ ላይ ዕቃ በገመድ ሲወርድ ተመልካቹ ገመዱን ያያል፤ ከላይ አንድ የሚጎትት እንዳለ ያውቃል። በፊልም ግን ዕቃው በቆረጣ “ብቅ” ይላል። ያኔ ነገሩ አስማት ይሆናል፤ የሚጫወትበት ወገን መኖሩ ይረሳል።

4. ከተሠሩት ምን እንማራለን?

ሀ) “ፊልም”። ቤኬት በቀጥታ ለሲኒማ የጻፈው ብቸኛ ሥራው ይህ ነው። እ.ኤ.አ. በ1964 ኒውዮርክ ውስጥ ተቀርጾ በ1965 ለዕይታ በቃ። አዘጋጁ አለን ሽናይደር፣ ተዋናዩ የድምፅ አልባው ዘመን ኮሜዲያን በስተር ኪተን ነበር። ርዝመቱ ከ20 ደቂቃ ብዙም አይበልጥም፤ ከአንዲት “እሽሽ” በቀር ድምፅ የለውም። ሰውየው መታየትን ይሸሻል፤ ካሜራው ከኋላው እየተከተለ ከተወሰነ ማዕዘን እንዳያልፍ ይጠነቀቃል። እዚህ ላይ ካሜራው ቀራጭ ብቻ ሳይሆን ሁለተኛው ገጸ ባሕርይ ሆኗል። የቀረጻው ታሪክም ያስተምራል። በመክፈቻው ብዙ ሰው የሚታይበት የመንገድ ትዕይንት ታስቦ ነበር፤ የተቀረጸው ተበላሸ፣ እንደገና ለመቅረጽም ገንዘብ አልነበረም። ትዕይንቱ ወጣ። አሁን ፊልሙን ስናየው ኪተን ብቻውን ግንብ ታክኮ ሲሮጥ ነው የምናገኘው፤ የወጣው ሕዝብ ይጎድላል ብሎ የሚጠረጥር ተመልካች ያለ አይመስለኝም። እዚህ ማጣቱ ወደ መቀነስ የተለወጠው የቀረው ክፍል ብቻውን መቆም ስለቻለ ነው።

ለ) “እኔ አይደለሁም”። መጀመሪያ የታየው እ.ኤ.አ. በ1972 ኒውዮርክ ነው። ጨለማ መድረክ ላይ ከፍ ብላ አንዲት አፍ ብቻ ትታያለች፤ ያለማቋረጥ ትናገራለች። በአንድ ወገን ረጅም ልብስ የለበሰ አዳማጭ ቆሞ አልፎ አልፎ እጁን ያነሳል። ቢሊ ዋይትሎው የተጫወተችበት የቢቢሲ ቅጂ እ.ኤ.አ. በ1975 ተቀርጾ በ1977 ሲተላለፍ አፏ ሙሉውን ስክሪን ሞላ፤ አዳማጩ ግን ከናካቴው ወጣ። ለምን? መድረክ ላይ አፏ ሩቅና ትንሽ ስለሆነች አጠገቧ ሌላ አካል ይቆማል። ስክሪኑን ከሞላች በኋላ ግን አዳማጩ ተመልካቹ ራሱ ሆነ። ካሜራው የአንድ ገጸ ባሕርይን ሥራ ተረክቧል ማለት ነው።

ሐ) “ጨዋታ”። በተውኔቱ ሦስት ሰዎች እስከ አንገታቸው እንስራ ውስጥ ናቸው፤ አንድ መብራት ያረፈበት ሰው ብቻ ይናገራል። እ.ኤ.አ. በ2000 ገደማ 19ኙን የቤኬት የመድረክ ሥራዎች ወደ ፊልም በመለሰው ፕሮጀክት ውስጥ ይህንን ያዘጋጀው አንተኒ ሚንጌላ ነው። እሱ መብራቱን በካሜራው ተካው፤ መርማሪው ካሜራው ሆነ። ይህ ብልህ ምርጫ ነው። ነገር ግን ከሦስቱ እንስራዎች ኋላ ሌሎች ብዙ እንስራዎችንና የሚያጉረመርሙ ሰዎችን ጨመረ። በእኔ አስተያየት የመጀመሪያው ለውጥ ተውኔቱን ወደ ፊልም ቋንቋ ሲተረጉመው፣ ሁለተኛው ግን አብራራው። “ይህ የሰው ልጅ ሁሉ ዕጣ ነው” ብሎ በጣት አሳየን። ከመድረኩ ሦስት እንስራ ይህን ራሳችን ደርሰንበት ነበር። በዚህ የማይስማማ ቢኖር በቀጣዩ እትም ቢጽፍበት ደስ ይለኛል።

ከሦስቱ አንድ ደንብ ይወጣል። ጥሩው አወራረስ ካሜራው በተውኔቱ ውስጥ አስቀድሞ የነበረን አንድ ሥራ (አሳዳጁን፣ አዳማጩን፣ መርማሪውን) የሚረከብበት ነው።

5. ማጂ ላይ ብንቀርጸውስ?

ለመልመጃ የምንመርጠው “ቃል አልባ ድርጊት አንድ” የተባለውን ነው። ቤኬት እ.ኤ.አ. በ1956 ጽፎት በ1957 ለንደን ሮያል ኮርት ቲያትር ታየ። አንድ ሰው በረሃ ላይ ተወርውሮ ይወድቃል። ፊሽካ ይነፋል፤ ወደ ፊሽካው ሲሄድ ተመልሶ ይወረወራል። ከላይ ዛፍ ይወርዳል፣ መቀስ ይወርዳል፣ ከዚያ “ውኃ” የሚል ትልቅ ጽሑፍ የተለጠፈበት ብልቃጥ ይወርድና እጁ ከማይደርስበት ላይ ይንጠለጠላል። ሣጥኖች ይመጡለታል፣ ይደራርባቸዋል፣ አይደርስም። ገመድ ይመጣል፣ ይወጣበታል፣ ገመዱ ይለቀቃል። መጨረሻ ላይ ብልቃጡ ፊቱ ድረስ ቢመጣም አይንቀሳቀስም፤ እጆቹን ያያል።

ቦታው። ማጂ ዛሬ በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ክልል በምዕራብ ኦሞ ዞን ያለች፣ ከ2,000 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ የተቀመጠች ደጋ ናት። ከሚዛንና ከቴፒ የቡና ጥላ ተነስቶ ለመጣ ሰው ብርዱና ጉሙ ቶሎ ይታወቀዋል። በረሃ ግን የለም። ታዲያ በረሃውን በምን እንተካው? የመጀመሪያው ፈተና እዚህ ነው። ብዙ ሰው “ባዶውን ገደል፣ ሜዳውን እንጠቀም፤ ምን የመሰለ ሎኬሽን ነው!” ይላል።

እኔ ግን እዚህ ላይ መቆም አለብን እላለሁ። ማጂ ባዶ ቦታ አይደለም። ዲዚዎች ያርሱታል፤ ለዓይን ባዶ የሚመስለው ጥግ ሁሉ ባለቤትና ስም አለው። ከዚህም በላይ አካባቢው በ19ኛው ክፍለ ዘመን ማብቂያ ወደ ማዕከላዊው መንግሥት ከተጠቃለለ በኋላ በነበሩት ዐሥርት ዓመታት የባሪያ፣ የዝሆን ጥርስና የጦር መሣሪያ ንግድ ሕዝቡን ክፉኛ አመናምኖታል። የብዙ ሰው ቤት የጠፋበትን መሬት ምንም እንዳልነበረበት “ትርጉም የለሽ ባዶነት” አድርጎ መቅረጽ ከባድ ነገር ነው። ቤኬት ባዶውን ቦታ መድረክ ላይ ራሱ ሠራው እንጂ ከማንም አልወሰደም። እኛም የሰውን አገር ባዶ ብለን ከመጥራት ባዶነቱን ራሳችን ብንሠራው ይሻላል። በባህል ልብስ ያሉ የሱሪ ወይም የዲዚ ሰዎችን ከኋላ ማሳለፍም ያው ነው፤ ሰውን ዕቃ ማድረግ ነው።

ጉሙ። መፍትሔው ከዚያው ከማጂ ሊገኝ ይችላል። ጉም ሲወርድ ኋላው ይጠፋል፤ ዛፉም ቤቱም ተራራውም አይታይም። ሰውየው ከእግሩ ሥር ካለው ሣር በቀር ምንም የለውም። ይህ የተፈጥሮ መጋረጃ ነው። መሬቱን ባዶ ነው አላልንም፤ ተሸፍኗል አልን እንጂ። እንዲያውም ፊሽካው በተነፋ ቁጥር ጉሙ ትንሽ ቢገለጥና ከኋላ የአንድ ቤት ጣሪያ ለቅጽበት ቢታይ፣ ሰውየው ዓለም እያለ ዓለም እንደተነፈገው እናውቃለን። በእርግጥ ይህ የቤኬትን ዓይን የሚወጋ የበረሃ ብርሃን ይቀይራል። ለውጡን “ቦታው ስላልተመቸን” ሳይሆን በዚህ ምክንያት ነው ብለን መከላከል መቻል አለብን።

ተግባራዊው ጎን ደግሞ እንዲህ ነው። ጉም አይታዘዝም፤ በደቂቃዎች ውስጥ ይመጣል ይሄዳል። አንዱን ትዕይንት በብዙ ሾት ቆራርጠን ብንቀርጽ ሾቶቹ አይገጥሙም። ስለዚህ ካሜራውን በእግሩ ላይ አቁሞ፣ በሰፊ ሾት፣ ሙሉውን ድርጊት ሳይቆርጡ መቅረጽ ያዋጣል። እዚህ ላይ የአየሩ ጠባይና የተውኔቱ ጠባይ ተስማሙ ማለት ነው፤ ረጅሙ ሾት መጠበቁንም ይሰጠናል። ሌንሱ እንዳያልበው ካሜራውን ከብርድ ወደ ሞቀ ክፍል ወዲያው ከማስገባት ይልቅ ቀስ በቀስ ሙቀቱን እንዲለምድ ማድረግ፣ ደረቅ ጨርቅና ፌስታል መያዝ፣ ባትሪ በብርድ ቶሎ ስለሚደክም ትርፉን ኪስ ውስጥ ማሞቅ ያስፈልጋል። ድምፅን ለብቻ መቅዳት ነው፤ ዝናብ ቆርቆሮ ላይ ሲወርድ ምንም አይሰማም።

ብልቃጡ። በምን እንተካው? ቶሎ የሚመጣልን ቢጫው ጀሪካን ነው። ጀሪካን ስናሳይ ግን ተመልካቹ ወዲያው “አሃ፣ የንጹሕ ውኃ ችግር!” ይላል፤ ፊልሙ የፕሮጀክት ማስታወቂያ ይሆናል። ችግሩ እውነተኛ ስላልሆነ አይደለም። ጀሪካን መልስ ያለው ጥያቄ ነው፤ ቧንቧ ቢገባ ያልቃል። የሰውየው ጥያቄ ግን ቧንቧ ቢገባም የማያልቅ ነው። ቅል ብናደርገው ደግሞ የቱሪስት ፖስት ካርድ ይሆንብናል። የእኔ ምርጫ ሃይላንድ ነው። የትም ያለ፣ ማንም የሚያውቀው፣ ልክ እንደ ቤኬት ብልቃጥ ወረቀት የተለጠፈበት ዕቃ ነው። በነጭ ወረቀት ላይ “ውኃ” ብሎ በእጅ ጽሑፍ መጻፍ ይበቃል። ገመዱ ደግሞ መታየት አለበት፤ ወዴት እንደሚወጣ ግን ጉሙ ይሸፍነዋል።

ፊሽካው። መድረክ ላይ ከቀኝ፣ ከግራ፣ ከላይ ይመጣል። በእኛ ድምፅ ማጉያ አቅጣጫው አይለይምና አቅጣጫውን የሚነግረን የተዋናዩ አንገት ነው። ነፊው በፍጹም አይታይ! ፊሽካ የስፖርት መምህሩን፣ የትራፊክ ፖሊሱን፣ ዘበኛውን ለየተመልካቹ ያስታውሳል። ነፊውን ያሳየን ዕለት ከነዚህ ሁሉ አንዱን መርጠን ሌሎቹን ገደልን።

ማሰቡ። በጽሑፉ ውስጥ ሰውየው ያስባል የሚለው መመሪያ ደጋግሞ ይመጣል። ማሰብ እንዴት ይቀረጻል? የለመድነው ክሎዝ አፕ፣ ሐዘን ያለው ሙዚቃ፣ ወይም ከጀርባ የሚናገር ድምፅ ነው። ሦስቱም እዚህ አይሠሩም። ተዋናዩ ይቁም፤ ካሜራውም አይንቀሳቀስ። ወድቆ መነሳቱ ፈጣን ከሆነና መቆሙ ረጅም ከሆነ ተመልካቹ ማሰቡን ራሱ ይሞላዋል። ልምምዱን ከግሦቹ መጀመር ጥሩ ነው፤ ይወድቃል፣ ይነሳል፣ አቧራውን ያራግፋል፣ ያስባል። ግሦቹን አንድ ገጽ ላይ በተርታ ጽፎ ከእያንዳንዱ ጎን ስንት ሰከንድ እንደሚወስድ መሙላት ነው። ያ ገጽ ስክሪፕታችን ነው።

መጨረሻው። የእኛ ፊልሞች ትምህርት ሰጥተው መጨረስ ይወዳሉ። ሰውየው ውኃውን ቢያገኝ ተስፋ ይሆናል፤ ቢሞት ማስጠንቀቂያ ይሆናል። ቤኬት ግን ሁለቱንም አይሰጥም። ሰውየው ተሸንፎ ነው ዝም ያለው ወይስ ለመጀመሪያ ጊዜ አልታዘዝም ብሎ? ተውኔቱ ሕያው የሆነው ይህ ስላልተዘጋ ነው። ፊልሙም ሁለቱንም በር ክፍት መተው አለበት፤ እጆቹን ሲያይ ፊቱን በክሎዝ አፕ ካሳየን አንዱን በር ዘጋን።

6. የፈቃድ ጉዳይ

ቤኬት ያረፈው እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 1989 ነው። በአገራችን የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት የደራሲ የኢኮኖሚ መብት በሕይወት ዘመኑና ካረፈ በኋላ ለ50 ዓመት ይጠበቃል፤ ሥራውን ወደ ሌላ መልክ መቀየርም ከመብቱ አንዱ ነው። ቤኬት በዚህ ነገር ጥብቅ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1984 አንድ የአሜሪካ ቲያትር “የጨዋታው ማብቂያ”ን በምድር ባቡር መተላለፊያ ውስጥ አድርጎ ሲያዘጋጅ አጥብቆ ተቃወመ፤ ትርኢቱ የቀጠለው ተቃውሞው በፕሮግራሙ ወረቀት ላይ ታትሞ ነው። ስለዚህ ክፍል ውስጥ ለልምምድ መሥራት አንድ ነገር፣ ለሕዝብ ወይም ለፌስቲቫል ማቅረብ ሌላ ነገር ነው። ለሕዝብ የምናስበው ከሆነ ወይ ፈቃድ መጠየቅ፣ ወይ ከቤኬት ዘዴውን ተምረን የራሳችንን ቃል አልባ ተውኔት መጻፍ ነው። ሁለተኛው መንገድ የሚያኮራ ይመስለኛል።

ማጠቃለያ

አብሰርድ ተውኔትን ወደ አጭር ፊልም ስናወርስ ሦስት ጥያቄዎች ከፊታችን ይቀመጡ። ካሜራው በተውኔቱ ውስጥ የማንን ሥራ ይረከባል? የጨመርነው ዕቃ የትኛውን ዝምታ ይደፍናል? ባዶ ብለን የምንቀርጸው ቦታ የማን ነው? ለሦስቱ መልስ ያለው ቡድን አንድ ካሜራ፣ አንድ ተዋናይና አንድ ሃይላንድ ቢኖረውም ሚኒማል ሠራሁ ማለት ይችላል። መልስ የሌለው ደግሞ ክሬን ቢከራይም አይረዳውም።

ለጀማሪ የማቀርበው ሐሳብ ትንሽ ነው። በሚቀጥለው የተግባር ክፍለ ጊዜ እያንዳንዱ ቡድን ካሜራውን አንድ ቦታ አቁሞ፣ ሳይቆርጥ፣ ያለ ሙዚቃና ያለ ንግግር አንድ ሰው አንድን ነገር ሦስት ጊዜ ሲሞክር ይቅረጽ። ሦስተኛው ሙከራ ከመጀመሪያው በአንዲት ነገር ብቻ ይለይ። ከዚያ ተሰብስበን እንይና ያቺን አንዲት ነገር ስንቶቻችን እንዳየናት እንቁጠር።